«ነጻ ሙከራ» ለቆቦ ልጅ

ዎርልድ ኦፍ ዋርክራፍትን በነጻ የሚጫወት ደረጃ 20 ላይ ይቆማል። ፋይናል ፋንታሲ 14 ቸር ነው፤ እስከ 70 ያስኬዳል፣ የጊዜ ገደብም የለውም። በሁለቱም ግን ነጻ ተጫዋች ከሌሎች ጋር መገበያየት አይችልም። ቆቦ ገበያ ላይ ማሽላና በሬ ሲሸጥ እያየ ያደገ ልጅ እዚያ ገበያ መሃል ቆሞ አንድ ጎራዴ መሸጥ አይፈቀድለትም (ያስቃል እኮ!)። ክልከላው የጨዋታ ወርቅ ቸርቻሪዎችን ለማስቆም ነው፤ በዚህ አልከራከርም።

የሚያናድደኝ «መክፈል የማይወድ ቆንቋና» የሚለው ስድብ ነው። የዋርክራፍት የወር ክፍያ 15 ዶላር ገደማ ነው። ልጁ ብሩን ቢያጠራቅም እንኳ ቴሌብር እዚያ አይሠራም፤ የዶላር ካርድ ደግሞ በአብዛኛው የውጭ ምንዛሪ ሒሳብ ላለው ነው። ለሌላው አገር ተጫዋች መቅመሻ የሆነው ደረጃ 20፣ ለእሱ ጣሪያ ነው። እስቲ ኩባንያዎቹ በብር መቀበል ይጀምሩና ይከፍል እንደሆነ እንይ።