ለሠርጉ ምን ይሠራ?

ደመወዙ ገና ያልጠና ሙሽራ ድግሱን ሲያስብ መጀመሪያ ትዝ የሚለው ዶሮ ወጥ ነው። መቼም ክብሩ አይካድም። ነገር ግን አንድ ዶሮ በወጉ 12 ብልት ይወጣዋልና ለ240 እንግዳ አንዳንድ ብልት ብቻ ለማድረስ 20 ዶሮና 240 እንቁላል ያስፈልጋል፤ የሽንኩርቱን ነገር ለወጥ ሠሪዎቹ እንተወው። አንድ በሬ ግን ቀይ ወጡንም፣ አልጫውንም፣ ጥሬ ሥጋውንም ያወጣል። ስለዚህ ዶሮው ለሙሽሮቹና ለሽማግሎቹ ገበታ ቢሆን ይበቃል። አልጫውን አታሳንሱ፤ በርበሬ የማይስማማቸው አረጋውያን የሚጠግቡት በርሱ ነው።

ከመሥሪያ ቤት ሙስሊም ባልንጀሮች የተጠሩ እንደሆነ አራጁም፣ ድስቱም፣ ወጥ ሠሪዋም ከነርሱ ወገን ይሁኑ። ሌላው ሥጋ ሲበላ ለነርሱ ሽሮ ብቻ አቅርቦ ማለፍ ጠርቶ እንደ መርሳት ይቈጠራል። ቍጥራቸው የጥሪው ወረቀት በሚጻፍበት ዕለት ይያዝ፤ በሠርጉ ጧት በግ ፍለጋ የሚላክ ሰው አይገኝም።