ጦርነትን የማወጅ ሥልጣን

ጦርን ማዘዝና ጦርነትን ማወጅ አንድ ነገር የሚመስለው ሰው ብዙ ነው። በአሜሪካ ሕገ መንግሥት ግን እነዚህ ሁለቱ ተለይተው የተቀመጡ ሥልጣኖች ናቸው። ፕሬዚዳንቱ የሠራዊቱ ጠቅላይ አዛዥ ነው፤ ጦርነትን ማወጅ፣ ሠራዊትን ማቋቋምና ገንዘብ መመደብ ግን የኮንግሬስ፣ ይኸውም የሁለቱ ምክር ቤቶች ሥራ ነው። ለሠራዊቱ የሚመደበውም ገንዘብ ከሁለት ዓመት እንዳያልፍ በዚያው ሕግ ተወስኗል።

በ1787 (ዘመኑን ሁሉ የምንጠቅሰው እንደ አውሮጳ አቆጣጠር ነው) ሕጉን የሚያረቁት ሰዎች በፊላዴልፊያ በተሰበሰቡ ጊዜ፣ ኮንግሬስ ጦርነትን «ያደርጋል» ተብሎ ተረቅቆ ነበር። ጠላት ድንገት ቢነሣ ፕሬዚዳንቱ የምክር ቤቱን መሰብሰብ ሳይጠብቅ ይከላከል ዘንድ፣ ያ ቃል ወጥቶ «ያውጃል» በሚለው ተተካ። አንዲት ቃል ስትለወጥ ምሥጢሩ ምን ያህል እንደሚሰፋ የመጻሕፍት መምህራን ያውቁታል። እነዚያ ሰዎች ለድንገተኛ ነገር ብለው ጠባብ በር ከፈቱ፤ በኋላ የተነሡት ፕሬዚዳንቶች ግን ሠራዊት በሙሉ አሳለፉባት።

ኮንግሬስ በደንቡ መሠረት ለመጨረሻ ጊዜ ጦርነት ያወጀው በ1942 በቡልጋርያ፣ በሀንጋርያና በሩማንያ ላይ ነው። በ1950 ፕሬዚዳንት ትሩማን ኮንግሬስን ሳያስፈቅዱ፣ የተባበሩት መንግሥታትን የጸጥታ ምክር ቤት ውሳኔ ጠቅሰው፣ ጦር ወደ ኮርያ ላኩ። ጋዜጠኛ «የፖሊስ ሥራ ነው ለማለት ይቻላልን?» ብሎ ቢጠይቃቸው፣ አዎን አሉ። በዚህ የፖሊስ ሥራ በተባለው ነገር ከ36 ሺህ የሚበልጡ አሜሪካውያን ሞቱ። የእኛም የቃኘው ሻለቃ ከ1951 ጀምሮ በዚያ ተራራ ላይ ተዋግቷልና፣ ስሙ ምንም ቢባል ነገሩ ጦርነት እንደ ነበረ ለኢትዮጵያ ሰው ማስረዳት አያስፈልግም።

ከቬትናም መከራ በኋላ ኮንግሬስ ነቃ። በ1973፣ ፕሬዚዳንት ኒክሰን አልፈርምም ቢሉ፣ እንቢታቸውን ከሁለት ሦስተኛ በላይ በሆነ ድምፅ ሽሮ ሕግ አወጣ። ፕሬዚዳንቱ ጦር ባዘመተ በ48 ሰዓት ውስጥ እንዲያስታውቅ፣ ኮንግሬስ ካልፈቀደለትም በ60 ቀን፣ ግድ ቢሆን በ30 ቀን ጭማሪ፣ ውጊያውን እንዲያቆም ሕጉ ያዛል። ነገር ግን በ2011 በሊቢያ ላይ የአየር ድብደባ ሲደረግ 60ው ቀን አለፈ። የፕሬዚዳንት ኦባማ መንግሥት፣ እግረኛ ጦር ስላልገባ ይህ በሕጉ ውጊያ የሚባለው አይደለም ሲል መለሰ። እንግዲህ ከሰማይ ቦምብ የወደቀበት ሰው ስሙን ምን ይበለው?

በእኛ አስተያየት ግን የሚበዛው ወቀሳ የኮንግሬስ ነው። የገንዘቡ ቁልፍ በእጁ ሳለ፣ ያልፈቀደውን ዘመቻ በጀት እየሰጠ ሲያኖር ታይቷል። ድምፁን የሰጠ ሰው ይጠየቅበታል፤ ዝም ያለው ግን ድል ሲሆን ከአመስጋኞች፣ ውርደት ሲሆን ከወቃሾች ጋራ ይቆማል። የዘመተው ወታደር እናት ልጇን ማን እንደ ላከው ለማወቅ የድምፅ መዝገብ ቢከፈትላት፣ የማንንም ስም አታገኝበትም።

ድምፅ በተሰጠበትም ጊዜ ቢሆን ልኩ ተረስቷል። በመስከረም 2001 ኒውዮርክና ዋሽንግተን በተመቱ በሦስተኛው ቀን፣ ኃይል እንዲሠራበት የሚፈቅደውን ውሳኔ በታችኛው ምክር ቤት የተቃወመ አንድ ሰው ብቻ ነበር። ውሳኔው አገር አይጠቅስም፤ የሚያበቃበትም ቀን የለውም። ከዚያ ወዲህ በጎረቤታችን በሶማልያ ለተደረገው የአየር ድብደባ ሳይቀር ተጠቅሷል። ለሠራዊቱ ስንቅ የሁለት ዓመት ገደብ ያበጀ ሕገ መንግሥት ባለበት አገር፣ ለጦርነቱ ፈቃድም ያው የሁለት ዓመት ገደብ ቢበጅለትና ዘመኑ ሲያልፍ እያንዳንዱ እንደራሴ ስሙ ተጠርቶ እንደገና ድምፅ ቢሰጥበት የተገባ ነው።