ድመቷን በአያቶቻችን ክር

የተከበራችሁ ወላጆችና የማኅበረሰባችን ሽማግሌዎች፣

እኛ በአሽዶድ የምንኖር ልጆች በየዓመቱ ፑሪም ሲደርስ ብዙዎቻችን የድመት ጆሮ በራሳችን ላይ አድርገን፣ በጉንጫችን ላይ የድመት ጢም ስለን እንወጣለን። ፑሪም ካለፈም በኋላ ድመቷ አትለየንም፤ በቦርሳችን፣ በደብተራችንና በካልሲያችን ላይ አለች። እናንተም እያያችሁ «ይህ ደግሞ የማን አገር ባህል ነው?» ትሉናላችሁ። ጥያቄያችሁ ተገቢ ስለሆነ ልንመልስላችሁ እንወዳለን።

ባህሉ የጃፓን ነው። ጃፓኖች ትንሽ፣ የዋህና ደስ የሚል ነገርን «ካዋይ» ይሉታል። ሄሎ ኪቲን ዩኮ ሺሚዙ የተባለች ሠዓሊ እ.ኤ.አ. በ1974 ለሳንሪዮ ኩባንያ ሣለቻት። ኪያሪ ፓሚዩ ፓሚዩ የተባለችው ወጣት በቶኪዮ በሐራጁኩ ሰፈር የፋሽን ሞዴል ሆና ጀመረች፤ በ2011 ዘፋኝ ሆና በብዙ አገር ታወቀች። የጃፓን የውጭ ጉዳይ ሚኒስቴር እንኳ በ2009 ሦስት ወጣት ሴቶችን የካዋይ አምባሳደር አድርጎ ሾሟል። ድመትን መውደድ ግን በጃፓን የዛሬ ነገር አይደለም። እጇን አንስታ ገበያተኛ የምትጠራ የድመት ምስል በሱቆች ደጃፍ ከድሮ ጀምሮ የመልካም ዕድል ምልክት ናት።

ከሁሉ ይልቅ ልባችንን የነካው የሂሮኮ ኩቦታ ሥራ ነው። ይህች ጃፓናዊት እናት ለልጇ ሸሚዝ ትሰፋ ነበር። ልጇ ድመት እንድትጠልፍለት ለመናት። እርሷም የልጅ ነገር ነው ብላ አልናቀችውም፤ በመርፌና በክር ድመት ጠለፈችለት። በሸሚዝ ኪስ ውስጥ ሆነው የሚያዩ ድመቶቿ ዛሬ በብዙ አገር ይታወቃሉ።

እኛስ? በሲግድ ቀን ነጭ ቀሚስ ለብሰን ወደ ኢየሩሳሌም እንወጣለን። ክኔሴት በ2008 ሲግድን በሕግ የአገር በዓል ስላደረገው እንኮራለን። ነገር ግን የለበስነውን ቀሚስ ጥልፍ አብዛኞቻችን በእጃችን መሥራት አንችልም። አያቶቻችን ያውቃሉ፤ እኛ አልተማርንም። ሊያስፈራን የሚገባው ይህ ነው እንጂ ድመቷ አይደለችም።

«ድመት ከባህላችን ጋር አይሄድም» የሚሉ አሉ። ነገር ግን በጎንደር አጠገብ በወለቃ እናቶቻችን ከጀበናና ከማሰሮ ሌላ የሰውና የእንስሳ ቅርጽ ከሸክላ እየሠሩ ለጎብኚ ይሸጡ ነበር። ገዢው እንግዳ ነበር፤ ጭቃውና እጁ ግን የእነርሱ ነበር። ባህልን የሚያጠፋው አዲስ ነገር መሥራት አይደለም፤ እጅ ሥራ ሲፈታ ነው የሚጠፋው።

በሲግድ ቀሚስ ላይ ድመት ይጠለፍ አንልም። የበዓሉ ልብስ ክብሩ ይጠበቅ። በቦርሳችንና በሸሚዛችን ኪስ ላይ ግን ድመቷን በእናንተ አጠላለፍ መሥራት እንፈልጋለን። ስለዚህ እማማዎች፣ እባካችሁ በሳምንት አንድ ሰዓት ከእኛ ጋር ተቀመጡ። መርፌ አያያዙን አሳዩን። አማርኛችን ቢሰባበርም አትሳቁብን፤ እየጠለፍን እሱንም እንማራለን። በድመት የጀመረች እጅ ነገ የሲግዱን ቀሚስ ትጠልፋለች።

«ድመት መንኩሳ አመሏን አትረሳ» ትላላችሁ። ተረቱ ለወቀሳ ነው፤ እኛ ግን ለተስፋ ወስደነዋል። የጃፓን ጆሮ ብናደርግም የማን ልጆች እንደሆንን አንረሳም። ብቻ መርፌውን አስይዙን።