«ግን»ን ምን አመጣት?

ስለ አሜሪካዊቷ ሜሪ ታይለር ሙር ወግ በተነሣ ቁጥር አንዲት «ግን» ትከነክነኛለች። ሲጀመር ዳንሰኛ ነበረች፤ ግን ታላቅ የቴሌቪዥን ኮሜዲያን ለመሆን በቃች ይባላል፤ ከእግር ወደ ጭንቅላት የተሾመች ይመስል! ሴትዮዋ በ2017 ስላረፈች (ዘመኑ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው) ውዳሴውም ሐሜቱም አይደርሳትም። ይህችው «ግን» እኛም ዘንድ ከዘፋኝ ጀርባ ላቡን የሚያንጠፈጥፈውን ተወዛዋዥ «ደህና ሥራ እስኪያገኝ ነው» የምታሰኝ ናትና ዝም ብዬ አላልፋትም።

እስቲ ታሪኳን እንመልከት። በ1955፣ ገና በ18 ዓመቷ፣ ቴሌቪዥን የቀጠራት በሆትፖይንት ማቀዝቀዣና ምድጃ ማስታወቂያ ላይ የተረት ድንክዬ መስላ እንድትጨፍር ነበር። አረገዘች፤ ሆዷ በጠባቡ ልብስ አልሸፈን አለ፤ እንጀራዋም በዚያው ተቋረጠ። በ1959 «ሪቻርድ ዳይመንድ» በተባለው የመርማሪ ድራማ የስልክ ኦፕሬተር ሆነች፤ ካሜራው እግሯን እንጂ ፊቷን አያሳይም። ሰውነቷን እንደ ቅርጫ ሥጋ እየመደበ የቸረቸረው እንግዲህ ቴሌቪዥኑ ነው፤ በዳንሱ ምን ያመካኘናል?

ተመልካች በደንብ ያወቃት በ1961 በተጀመረው «ዘ ዲክ ቫን ዳይክ ሾው» ላይ ነው። ከ1970 እስከ 1977 ደግሞ በራሷ ስም የተሰየመው ሾው 29 የኤሚ ሽልማቶችን ሰበሰበ።

ለሚጠራጠረኝ ሰው ከዚሁ ሾው አንድ ክፍል እጠቁመዋለሁ፤ በ1975 የታየውን፣ የቀልደኛውን የቸክልስን ቀብር። ሰውዬው ኦቾሎኒ መስሎ ለብሶ ሰልፍ ላይ ሳለ ዝሆን የገደለው ነው። ባልደረቦቿ በአሟሟቱ ሲሥቁ ሜሪ ስትቆጣ ሰነበተች፤ ቀብሩ ላይ ካህኑ ሲናገር ሣቁ እሷኑ ያዛት። ደራሲው ዴቪድ ሎይድ በዚያች ሰዓት ቃሉን የሰጠው ለካህኑ ነው፤ ለሜሪ የተረፋት ሰውነቷ ብቻ ነው። ትንፋሿን ትውጣለች፤ ሣቋን ሳል ታስመስለዋለች፤ ሰውነቷ አልታዘዝ ይላታል። ካህኑ ግድ የለም ሳቂ ሲላት ደግሞ ስቅስቅ ብላ ታለቅሳለች። ያን መሻገሪያ በአንድ ምት ብታስቀድመው ወይም ብታዘገየው ትዕይንቱ በተበላሸ ነበር። ምቱን የት የተማረችው ይመስላችኋል? ሰዓት መጠበቅን ከዳንስ የበለጠ የሚያስተምር ትምህርት ቤት እኔ አላውቅም።

ተከራካሪዎቼ 1978ን እንደሚያነሡብኝ አውቃለሁ። ወደ ዘፈንና ጭፈራ ተመልሳ «ሜሪ» የተሰኘ ቫራይቲ ሾው ብትጀምር፣ ሲ.ቢ.ኤስ. 3 ክፍል አሳይቶ ሰረዘባት። እውነት ነው። በዚያው ሾው ላይ እኮ ዴቪድ ሌተርማንም ነበረ! ሾው ወደቀ ብሎ ሌተርማንን «ቀልድ አይሆንህም» ያለው ማን ነው? ለውድቀቱ የሷ ዳንስ ብቻ በምን ሕግ ተጠያቂ ይሆናል?