ትምህርቱ ለልጆች ነው ወይስ ለወላጆች?

ልጅ ወላጁን ማክበር ይገባዋል ሲባል የሚቃወም ሰው አይገኝም፤ እኛም አንቃወምም። ወላጅስ ለልጁ ምን ዕዳ አለበት ተብሎ የተጠየቀ እንደ ሆነ ግን ብዙ ሰው ዝም ይላል። በዚህ ዝምታ ላይ ጥቂት ቃል እንድንናገር ያነሣሣን አንድ የሕንድ ፊልም ነው፤ ይልቁንም ፊልሙ ራሱ ሳይሆን ለፊልሙ ሲሰጥ የኖረው ምስጋና ነው።

ፊልሙ በደቡብ ሕንድ በምትገኘው በኬረላ ግዛት፥ ማላያላም በሚባለው ቋንቋ፥ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ1997 ዓ.ም. የተሠራው «አኒያቲፕራቩ» ነው። ከዚህ በታች የምንጠቅሳቸው ዓመታትም ሁሉ በዚሁ አቆጣጠር የተጻፉ ናቸው። ያዘጋጀው ፋዚል ሲሆን፥ ዋናዎቹ ተዋናዮች ኩንቻኮ ቦባንና ሻሊኒ ናቸው። የፊልሙ ስም ወደ አማርኛ ሲመለስ «ታናሽ እኅት ርግብ» እንደ ማለት ነው።

የኬረላ ስም ለአገራችን ሰው ጨርሶ እንግዳ አይደለም። ባለፈው ምዕተ ዓመት አጋማሽ ከሕንድ መጥተው በትምህርት ቤቶቻችን ሒሳብና ሳይንስ ካስተማሩት መምህራን መካከል ብዙዎቹ ከዚያች ግዛት የመጡ ነበሩ። ሕዝቧ በንባብ የታወቀ ነው፤ በ2011 ዓ.ም. በተደረገው የሕዝብ ቆጠራ፥ ዕድሜያቸው ከ7 ዓመት በላይ ከሆነው ከ100 ሰዎች ከ90 የሚበልጡት ማንበብና መጻፍ የሚችሉ ሆነው ተገኝተዋል። በዚያው ቆጠራ ከ100 ሰው 55 ያህሉ ሂንዱ፥ 27 ያህሉ እስላም፥ 18 ያህሉ ክርስቲያን ነበር። እንግዲህ የሦስት ሃይማኖት ሰዎች በአንድ መንገድ በሚመላለሱበት፥ በአንድ ትምህርት ቤት በሚማሩበት አገር፥ የአንዱ ቤት ወንድ ልጅ የሌላውን ቤት ሴት ልጅ መውደዱ ተአምር አይደለም። ተአምር የሚሆነው ሳይዋደዱ ቢቀሩ ነው።

የታሪኩ ፍሬ ነገር እንዲህ ነው። ሱዲ የሂንዱ ቤተ ሰብ ልጅ ነው፤ ሚኒ ደግሞ የክርስቲያን ቤተ ሰብ ልጅ ስትሆን፥ እናቷና ሦስቱ ወንድሞቿ እንደ ዐይን ብሌን የሚጠብቋት ናት። ሁለቱ ተዋደዱ። ወንድሞቿ ነገሩን ባወቁ ጊዜ የልጅቱን ልብ ሳይጠይቁ በቍጣ ተነሡ፤ የልጁም ወላጆች ፈቃዳቸውን ነሱ። ወጣቶቹ መድረሻ ሲያጡ ጠፍተው በአንድ የዓሣ አጥማጆች መንደር ተጠጉ። ሊጋቡ በተዘጋጁበት ሰዓት ግን ያሳደጓቸውን ሰዎች እንባ አሰቡ፤ በወላጆች ኀዘን ላይ ጎጆ መቀለስ አይሆንልንም ብለው ተለያዩ፥ ወደየቤታቸውም ተመለሱ። በመጨረሻ የልጁ ወላጆች ከልጃቸው ጋር ወደ ልጅቱ ቤት በመጡ ጊዜ፥ የሁለቱ ወጣቶች ዝምታ የሁሉንም አንጀት በላ። የልጁ እናት ልጅቱን ለልጇ እንዲሰጧት ጠየቀች፤ የልጅቱም እናት እሺ አለች። ፊልሙ በዚህ ተፈጸመ።

ፊልሙ በአገሩ እጅግ ተወደደ። ፋዚል ራሱ በዚያው ዓመት በታሚል ቋንቋ ደግሞ ሠራው፤ በ1998 ዓ.ም. ደግሞ ፕሪያዳርሻን የተባለው አዘጋጅ በሂንዲ ቋንቋ አወጣው። ተመልካቾችም ወላጆችም አንድ ዓይነት ምስጋና ያቀርቡለታል፤ ምስጋናውም «እነሆ ልጆች፥ ወላጅን አክብሮ የሚመለስ ልጅ የፈለገውን ያገኛል» የሚል ነው። እኛ የምንሟገተው ከዚህ ምስጋና ጋር ነው። ፊልሙ ትምህርት ይዟል፤ ነገር ግን ትምህርቱ በተሳሳተ ክፍል ውስጥ እየተሰጠ ነው እንላለን። ሊማሩት የሚገባቸው ወላጆች ሆነው ሳለ፥ የሚገሠጹበት ልጆች ሆነዋል።

ምክንያታችንን እንዘርዝር። በመጨረሻው ትዕይንት አዲስ ነገር ያደረገ ማን ነው? ልጆቹ አይደሉም፤ እነርሱ ሊያደርጉ የሚችሉትን ሁሉ አስቀድመው አድርገው ጨርሰዋል፤ ወደዋል፥ ለምነዋል፥ ሸሽተዋል፥ ተመልሰዋልም። የአገሩ ሕግ አልተለወጠም። ሂንዱውም ሂንዱ፥ ክርስቲያኑም ክርስቲያን እንደ ሆነ ነው። የተለወጠው አንድ ነገር ብቻ ነው፤ ተዘግቶ የነበረው የሁለት እናቶች አፍ ተከፈተ። ለመጋባት የጎደለው ይህ አንድ ቃል ብቻ ከነበረ፥ ያ ቃል በመጨረሻው ቀን ሊነገር እንደ ቻለ ሁሉ በመጀመሪያው ቀን ሊነገር ይችል ነበር። በመካከል የፈሰሰው እንባ ሁሉ ከፍቅር የመጣ አይደለም፤ ቃሉ በመዘግየቱ የመጣ ነው። ስለዚህ ምስጋና ይገባል ከተባለ ለመጀመሪያዋ ተናጋሪ እናት ይገባል፤ ወቀሳም ይገባል ከተባለ ያው ቃል እስከዚያ ሰዓት በመቈየቱ ይገባል።

«ሲሮጡ የታጠቁት ሲሮጡ ይፈታል» የሚለውን የአባቶቻችንን ተረት ጠቅሶ የሚከራከረን ይኖራል። የወጣት ፍቅር ችኩል ነው፥ ዛሬ ነዶ ነገ ይጠፋል፤ ስለዚህ ወላጅ ቢያግደው ለልጁ ጥቅም ነው ይለናል። ተረቱን እንቀበላለን። ነገር ግን ያስሮጣቸው ማን እንደ ሆነ መጠየቅ ይገባል። ሱዲና ሚኒ ወደ ዓሣ አጥማጆቹ መንደር የሸሹት ከቤታቸው የሚያዳምጣቸው ሰው ስለ ጠፋ ነው። ቍጭ ብሎ የሚሰማ ሽማግሌ ቢገኝ ኖሮ፥ ሁለት ዓመት ታገሡ፥ ትምህርታችሁን ጨርሱ፥ ከዚያ እናያለን ቢላቸው ኖሮ፥ ችኰላው ሊበርድ፥ ፍቅራቸውም ሊፈተን ይችል ነበር። በዱላ አባርሮ «ለምን ሮጥህ?» ብሎ መቈጣት ግን ፍርድ አይደለም።

ሌላው ተከራካሪ ደግሞ ወንድሞቹ እኅታቸውን ከመውደዳቸው የተነሣ ነው ይለናል። ይህ እውነት ነው፤ ፊልሙንም ከተራ ፊልሞች ከፍ የሚያደርገው ይኸው ነው። ወንድሞቹ ክፉ ሰዎች ሆነው አልተሣሉም፤ እኅታቸውን ከልብ የሚወዱ ናቸው። ነገሩን ከባድ የሚያደርገውም ይህ ነው፤ ክፉን ሰው መቃወም ቀላል ሲሆን፥ የሚወድደንን ሰው መቃወም ግን ልብን ይከፍላል። ይሁን እንጂ የፊልሙን ስም እንመርምር። ባለ ታሪኳ የራሷ ስም እያላት፥ ፊልሙ የተጠራው በወንድሞቿ ዐይን ነው፤ ለእነርሱ «ታናሽ እኅት» ናት፥ ደግሞም «ርግብ» ናት። ርግብ ትወደዳለች፥ ትመገባለች፥ ከጭልፊትም ትጠበቃለች፤ ወዴት መብረር እንደምትሻ ግን ማንም አይጠይቃትም። ሳይጠይቅ የሚወድድ ሰው የሚወድደውን ሰው እንደ ንብረቱ ይቈጥራል። የታሚሉ ፊልም ስም ደግሞ «ክብር ለፍቅር» እንደ ማለት ነው፤ መልካም ስም ነው፤ ነገር ግን የዚያን ክብር ዋጋ አስቀድመው የከፈሉት ልጆቹ ብቻ መሆናቸውን ስሙ አይናገርም።

ልጆቹ በመመለሳቸው ታላቅ ሥራ መሥራታቸውን አንክድም። የራስን ደስታ ስለ ሌላው እንባ መተው የትልቅ ሰው ሥራ ነው። ዳሩ ግን መሥዋዕትነት የሚያስመሰግነው ሰጪው በፈቃዱ ሲሰጠው ነው። ተቀባዩ ራሱ ተነሥቶ «ይህ ይገባኛል» ብሎ ሲጠይቀው፥ መሥዋዕትነት መሆኑ ይቀርና ግብር ይሆናል። ዛሬ ይህን ፊልም ለልጆቹ በማሳየት «እንዲህ ሁኑ» የሚል ወላጅ፥ ከመሥዋዕቱ የሚጠቀመው ራሱ መሆኑን የዘነጋ ነው።

ከሁሉ ይልቅ የሚያሠጋን ግን የመጨረሻው ደስታ በዕድል ላይ መቆሙ ነው። ሱዲና ሚኒ በተመለሱ ጊዜ ደግ እናቶች ጠበቋቸው፤ ባይጠብቋቸውስ? የዚያው አገር ፊልም ይህን ጥያቄ ከብዙ ዓመት በፊት መልሶት ነበር። ታካዢ ሲቫሳንካራ ፒላይ በ1956 ዓ.ም. ያወጣውን «ቼሚን» የተባለውን ልብ ወለድ፥ ራሙ ካሪያት በ1965 ዓ.ም. በፊልም ሠርቶት በሕንድ አገር ለዓመቱ ምርጥ ፊልም የሚሰጠውን የወርቅ ሜዳይ አግኝቷል። በዚያ ታሪክ ካሩታማ የተባለችው የሂንዱ ዓሣ አጥማጅ ልጅ ፓሪኩቲ የተባለውን እስላም ነጋዴ ትወድዳለች። አባቷ ጀልባና መረብ ለመግዛት ከዚያው ከፓሪኩቲ ገንዘብ ይወስዳል፥ ዕዳውንም አይከፍልም፤ ልጁን ግን ለሌላ ሰው ይድራል። ካሩታማ ታዘዘች። አላመፀችም፥ አልሸሸችም። መጨረሻው ግን ሠርግና ምርቃት አልሆነም፤ ባሏን ባሕር ዋጠው፥ እርሷና ፓሪኩቲም በባሕሩ ዳር ሞተው ተገኙ። መታዘዝ ሁልጊዜ ዋጋውን ያገኛል የሚሉ ሰዎች ከ«አኒያቲፕራቩ» ጋር አያይዘው «ቼሚን»ንም እንዲያዩ እንመክራለን።

ይህ ልብ ወለድ ነው ለሚለን ደግሞ እውነተኛውን ነገር እንነግረዋለን። በ2018 ዓ.ም. በግንቦት ወር፥ በዚያችው በኬረላ፥ በኮታያም አውራጃ፥ አንድ ወጣት ከቤተ ሰቧ ፈቃድ ውጭ ጋብቻ የፈጸመችውን ልጅ በማግባቱ ምክንያት ሰዎች ከቤት አፍነው ወሰዱት፤ ሬሳውም በወንዝ ውስጥ ተገኘ። ሟቹ ዝቅተኛ ተብሎ ከሚናቀው ወገን የተወለደ ክርስቲያን ነበር። በ2019 ዓ.ም. ፍርድ ቤቱ ግድያው ስለ ቤተ ሰብ ክብር ተብሎ የተፈጸመ መሆኑን አረጋግጦ በ10 ሰዎች ላይ የዕድሜ ልክ እስራት ፈረደ፤ ከእነርሱም አንዱ የልጅቱ ወንድም ነበር። እዚህ ላይ አፉን የከፈተ እናት አልተገኘም፤ በመጨረሻው ሰዓት የራራ ወንድምም አልነበረም። ይህ የሆነው ማንበብና መጻፍ በተስፋፋበት አገር መሆኑን መምህራን ልብ እንዲሉት ይገባል። ፊደል ማወቅ ብቻውን የሰውን ልብ አያሰፋም።

ሕጉም ቢሆን ለወጣቶች ሙሉ መጠጊያ አልሆነም። ሃይማኖታቸው የተለያየ ሰዎች ሃይማኖታቸውን ሳይለውጡ እንዲጋቡ በሕንድ አገር በ1954 ዓ.ም. ልዩ የጋብቻ ሕግ ወጥቷል፤ ይህ የሚመሰገን ነው። ነገር ግን በዚያው ሕግ መሠረት ተጋቢዎቹ ሐሳባቸውን አስቀድመው ለሹሙ ያስታውቃሉ፤ ማስታወቂያው ሰው ሁሉ በሚያየው ቦታ ይለጠፋል፤ ተቃዋሚ ካለ እንዲቀርብም 30 ቀን ይጠበቃል። እንግዲህ ሚኒና ሱዲ ወደ ዓሣ አጥማጆቹ መንደር ከመሸሽ ይልቅ ወደ መዝገብ ቤት ሄደው ቢሆን ኖሮ፥ ስማቸው በግድግዳ ላይ ተለጥፎ የወንድሞቿን መምጣት 30 ቀን መጠበቅ ነበረባቸው። አንድ ሕግ መብትን በአንድ እጁ ሰጥቶ በሌላው እጁ አሳዳጅን የሚጠራ ከሆነ፥ ጸሐፊው ደግ ሊሆን ይችላል፤ ነገር ግን የፈሪ ልጅን ልብ አያውቅም።

በጠቅላላው የምንለው ይህ ነው። ዕድሜያቸው የደረሰ የሁለት ሰዎች ጋብቻ የወላጅ ምርቃት ቢጨመርበት ያማረ ይሆናል፤ ምርቃቱ ግን ጌጥ ነው እንጂ መሠረት አይደለም። የወላጅ ድርሻ መምከር፥ መጠየቅ፥ ማስጠንቀቅ ነው፤ ከዚያም በኋላ ልጁ በመረጠው መንገድ ቢወድቅ እንኳ የሚመለስበትን በር ክፍት አድርጎ መቈየት ነው። ከዚህ አልፎ የሚሄድ ሥልጣን ፍቅር ቢመስልም ፍቅር አይደለም። በአገራችን «ልጅ ያቦካው ለራት አይበቃም» ይባላል፤ ሊጡን ሳይቀምሱ የሚደፉ ሰዎች ግን ለራት በቅቶ እንደ ሆነ እንዴት ያውቃሉ?

ስለዚህ መምህሩ ይህን የመሰለ ታሪክ ለተማሪዎቹ ሲያወሳ፥ «ልጆቹ ለምን ተመለሱ?» ብሎ ብቻ እንዳይጠይቅ፤ «ወላጆቹ ለምን ዘገዩ?» ብሎም ይጠይቅ። ሹሙ የጋብቻ መዝገብ ይዞ ሲቀመጥ፥ በፊቱ የቆሙት ሁለት ወጣቶች የሚፈሩት ሰው በውጭ ሊኖር እንደሚችል ያስብ። ተማሪውም ወላጁን ያክብር፤ ነገር ግን ማክበርና ልብን አሳልፎ መስጠት አንድ እንዳልሆኑ ይወቅ፤ ነገ ወላጅ በሚሆንበት ጊዜም ዛሬ የፈለገውን ጆሮ ለልጁ አይንፈገው።

«አኒያቲፕራቩ»ን ማየት የሚሹ ይዩት፤ መልካም ፊልም ነውና። ነገር ግን ልጆቹን በፊት ወንበር አስቀምጠው ራሳቸው ከኋላ የሚቀመጡ ወላጆች ቢኖሩ፥ ቦታ እንዲለዋወጡ እንለምናቸዋለን።