አሣቂና ፌዘኛ

ሣቅ ሁለት ዓይነት ነው። አንዱ ሣቅ ያዘነውን ሰው ያጽናናል፤ ሁለተኛው ሣቅ ደስ ያለውን ሰው ያሳዝናል። ፊተኛው የአሣቂ ነው፤ ኋለኛው የፌዘኛ ነው። ብዙ ሰዎች ግን ይህን ሳይለዩ፥ ሰውን የሚያሥቅ ሁሉ ከንቱ ሰው ይመስላቸዋል። በኢትዮጵያም በቀድሞ ዘመን የአዝማሪን ዜማ እየወደዱ አዝማሪውን ራሱን ይንቁት ነበር። ይህ አሳብ ትክክል አይደለም።

አባባ ተስፋዬ ለዚህ ነገር ምስክር ናቸው። ሙሉ ስማቸው ተስፋዬ ሣህሉ ነው፤ በ1915 ዓ.ም. በባሌ ተወለዱ። በአዲስ አበባ ቴአትር ገና ሲጀመር፥ ሴት ልጅ በመድረክ ላይ ብትወጣ ነውር ነበር። ስለዚህ የሴቶቹን ክፍል የሚጫወት ጠፋ። ያን ጊዜ ተስፋዬ የሴት ልብስ ለብሰው ሴት ሆነው ተጫወቱ። በዚያ ዘመን ወንድን ሴት ማለት ስድብ ነበር፤ እርሳቸው ግን ስድብ ፈርተው ሥራቸውን አልተዉም።

የኢትዮጵያ ወታደሮች በኮርያ በዘመቱ ጊዜ፥ ወደዚያ ሄደው አጫወቷቸው። ከአገሩ የራቀ ወታደር እንጀራ ብቻ አይበቃውም፤ ልቡን የሚያቀልለት ሰውም ያሻዋል። በ1948 ዓ.ም. በተከፈተው፥ ዛሬ ብሔራዊ ቴአትር በሚባለው ቤትም ሠሩ። ቴሌቪዥን በ1957 ዓ.ም. በተጀመረ ጊዜ ደግሞ ለሕፃናት ተረት መንገር ጀመሩ፤ እስከ 1998 ዓ.ም. ድረስም ከአርባ ዓመት በላይ በዚህ ሥራ ቆዩ። በሳንሱሲ ያለው ልጅም በጎንደር ያለው ልጅም «አባባ» ብሎ ጠራቸው። በሐምሌ ወር 2009 ዓ.ም. በ94 ዓመታቸው አረፉ።

በእንግሊዝ አገርም አሌክ ጊነስ የሚባል ተዋናይ ነበረ። በ1941 ዓ.ም. በወጣ አንድ የሚያሥቅ ፊልም ብቻውን ስምንት ሰው ሆኖ ተጫወተ፤ ከስምንቱም አንዷ ሴት ነበረች። በ1951 ዓ.ም. ግን የአገሩ ንግሥት «ሰር» የሚባለውን ማዕረግ ሰጠችው። ሰውን ማሣቁ ክብሩን አላጎደለበትም።

ምናልባት አንድ ተማሪ፥ «ተዋናይ አሮጊት መስሎ ካሣቀ፥ እኔስ አንካሳውን ጓደኛዬን መስዬ ባሥቅ ምን ጥፋት አለብኝ?» ይል ይሆናል። ጥፋቱ ግን ትልቅ ነው። ተዋናይ የሚሣቅበትን ነገር በራሱ ላይ ያደርጋል፤ ፌዘኛ ግን በሌላው ሰው ትከሻ ላይ ይጭነዋል። ተዋናይ ጨዋታው ሲያልቅ ልብሱን አውልቆ ወደ ቤቱ ይሄዳል፤ የተፌዘበት ልጅ ግን እግሩን አውልቆ ሊሄድ አይችልም፤ ኀዘኑን ይዞ ያድራል።

እንግዲህ ልጅ ሌላውን ሊያሥቅ በወደደ ጊዜ አስቀድሞ እንዲህ ብሎ ይመርምር፦ የሚሣቅበት ሰው አብሮ ይሥቃልን? አብሮ የሚሥቅ ከሆነ ጨዋታ ነው፤ የሚያለቅስ ከሆነ ግን በደል ነው።