«በፍቅር ነው እኮ የምንጠራው»

የዕድራችን ጥሩምባ ነፊ ገና ሳይነጋ ሰፈሩን እየዞረ የሟቹን ስም ከነአባቱ ጠራ። ከየበሩ ብቅ ያለው ሰው እርስ በርሱ ተያየ። እናቴ ነጠላዋን አዘቅዝቃ ወጥታ «ማን ነው እሱ?» ብላ ጎረቤታችንን ጠየቀች። እሳቸውም አላወቁትም። ጥሩምባ ነፊው ግራ ተጋብቶ ቆመ። ከዚያ ድምፁን ዝቅ አድርጎ «ሻንቆ ነዋ!» አለ። ለቅሶው የተነሣው ያን ጊዜ ነው። ሰውየው ከእኛ ቤት አራት በር አልፎ ሠላሳ ዓመት ያህል ኖሯል። ቧንቧ ሲፈነዳ የሚጠራው እሱ ነበር፤ ድንኳን ሲተከል ካስማውን የሚመታው እሱ ነበር። ስሙን ግን የሰማነው ከሞተ በኋላ ነው።

ለቅሶ ቤት ተቀምጠን ይህን ያነሣሁባቸው ሰዎች የሰጡኝ መልስ ተመሳሳይ ነው። «በፍቅር ነው እኮ የምንጠራው።» «እሱም ‹አቤት› ይል ነበር፤ ከፍቶት አያውቅም።» «ደግሞ ቃሉ ምን ክፋት አለው? መልኩን ነው።» እነዚህ ሰዎች ክፉዎች አይደሉም። ሟቹን ሲታመም ያስታመሙት፣ ሲሞት አስከሬኑን የተሸከሙት እነሱ ናቸው። መልሳቸው እንቅልፍ የሚነሣኝም ለዚህ ነው። ጥላቻ ያለበት ሰው ሲሳደብ ሁሉም ያውቀዋል፤ ሽማግሌም ይገሥጸዋል። ስድቡን ከትውልድ ወደ ትውልድ የሚያሻግሩት ግን ጥላቻ የሌላቸው ሰዎች ናቸው፤ የሚያሻግሩትም በማመካኛቸው ነው። እኔም ሙግቴ ከዚህ ማመካኛ ጋር ነው። ቃላቱን የምጽፋቸው ለማስረዳት ግድ ሲሆንብኝ ብቻ ነው።

«መልኩን ነው» ከሚለው ልጀምር። አማርኛ ለሰው መልክ የሚሆን ቃል አልጎደለውም። ቀይ፣ ጠይም፣ የቀይ ዳማ፣ ጠቆር ያለ፣ ጥቁር እንላለን። «ሻንቆ» ከነዚህ ጋር አይሰለፍም፤ ከ«ሻንቅላ» የተቆረጠ ነው። «ሻንቅላ» ደግሞ የደጋው ሰው በምዕራቡ ቆላ ለሚኖሩት ለጉሙዝ፣ ለበርታና ለሌሎችም በጅምላ የሰጠው ስም እንጂ ሕዝቦቹ ራሳቸውን የሚጠሩበት አይደለም። በዚህ ስም የተጠራ ሰው ይታደን፣ ይሸጥ፣ ለጌታ ልጅ በስጦታ ይሰጥ ነበር። ኢትዮጵያ በ1916 ዓ.ም. የመንግሥታት ማኅበር አባል ስትሆን ባርነትን ለማስቀረት ቃል ገብታለች፤ ባርነትን የሻረው አዋጅ የወጣው ግን ጣልያን ከተባረረ በኋላ፣ በ1934 ዓ.ም. መጨረሻ ላይ ነው። በዚያ ዓመት የተወለዱ ሰዎች ዛሬም ቤተ ክርስቲያን ሲሳለሙ፣ መስጊድ ሲሄዱ እናያቸዋለን። ይህን ያህል ቅርብ ነው። ስለዚህ ጎረቤቴ «ሻንቆ» ሲባል የተጠራው በቆዳው ቀለም አልነበረም፤ አያቶቹ በገበያ ላይ በተጠሩበት ስም ነበር።

የተማረውን ሰው ይበልጥ የሚያታልለው ማመካኛ «የቃሉ ሥር ክፉ አይደለም» የሚለው ነው። መዝገበ ቃላት ይገለጣል፣ ግእዝ ይጠቀሳል፣ ክርክሩም የተዘጋ ይመስላል። «ፈላሻ» የሚለውን ቃል እንየው። ሥሩ «ፈለሰ» ነው፤ አገሩን ለቆ ሄደ፣ ተሰደደ ማለት ነው። ከዚሁ ሥር የወጣው «ፈላሲ» ዓለምን ጥሎ ለመነነ መነኩሴም ይነገራል፤ እዚያ ላይ ክብር ነው። ታዲያ ቤተ እስራኤልን ለምን ያስከፋቸዋል? ቃሉ በእነሱ ላይ ሌላ ሥራ ስለሠራ ነው። በትውፊት እንደሚነገረው በ15ኛው ክፍለ ዘመን፣ በዐፄ ይስሐቅ ዘመን፣ ክርስትና ያልተነሣ የአባቱን ርስት እንዳይወርስ፣ ፈላሲ ሆኖ እንዲቀር ተፈረደ። ከዚያ ወዲህ ቃሉ «መሬት የለህም፤ የመጣህ እንጂ ያገሩ ሰው አይደለህም» የሚል ፍርድ ተሸክሞ ኖረ። ርስት ያጣ ሰው ብረት ይቀጠቅጣል፣ ሸክላ ይሠራል፣ ሸማ ይሸምናል። ባላገሩ ማረሻውን ከእሱ ይገዛና ማታ «ቡዳ ነው፤ ሌሊት ጅብ ይሆናል» እያለ ልጁን ይደብቅበታል። መነኩሴው ፈላሲ ሲባል ዓለምን የጣለው እሱ ነው፤ ቀጥቃጩ ፈላሻ ሲባል ግን የተጣለው እሱ ነው። መዝገበ ቃላት ይህን ልዩነት አያሳይም።

የዚሁ ሕዝብ ልጆች በ1977 ዓ.ም. በሱዳን በረሃ በኩል፣ በግንቦት 1983 ደግሞ ከ14 ሺህ የሚበልጡት በአንድ ቀን ተኩል ውስጥ ከአዲስ አበባ በአውሮፕላን ተጭነው እስራኤል ገቡ። አሮጌውን ስም ጥለው ሲሄዱ እዚያ «ኩሺ» የሚል ሌላ ቃል ጠበቃቸው። በዕብራይስጡ መጽሐፍ ቅዱስ ኩሺ የኩሽ አገር ሰው ማለት ብቻ ነው። ዛሬ በእስራኤል ጎዳና ለጥቁር ሰው ሲወረወር ግን ስድብ ነው፤ የወረወረውም ሰው ሲጠየቅ «መጽሐፉ ውስጥ ያለ ቃል ነው» ብሎ ይሟገታል። የእኛው ማመካኛ በዕብራይስጥ ተተርጉሞ ይሰማል። ይኸው «ኩሽ» በእኛ አገር በኩራት የሚነሣ ስም ነው። ሥሩ አንድ ሆኖ ሳለ አንዱን ያኮራል፣ ሌላውን ያቆስላል። የቃሉን ክፋት የሚወስነው ማን ማንን፣ በምን አቅሙ፣ ከየትኛው ደጃፍ ሊመልሰው እንደጠራው ነው።

ይህ አዲስ ግኝት አይደለም። ዐፄ ምኒልክ በ1900 ዓ.ም. ባስነገሩት አዋጅ ብረት የሚሠራውን፣ ሸማ የሚሠራውን፣ የሚያርሰውንና የሚነግደውን በየሙያው እየለዩ የሚሰድቡ ሰዎችን ተቆጥተዋል። ከእንግዲህ እንዲህ የሚል ሰው እኔን እንደሰደበ ይቆጠራል፤ ዳግመኛ ከተገኘም መቀጫው አንድ ዓመት እስራት ነው ብለዋል። ብረት ሠሪው የሚሰደብበት «ጠይብ» የሚለው ቃል ከ«ጠቢብ» ጋር ዝምድና እንዳለው የቋንቋ ሰዎች ይናገራሉ። በአዋጁ ጊዜ ግን «ሥሩ እኮ ጥበብ ነው» ብሎ የተሟገተ ተሳዳቢ ቢኖር ኖሮ ከእስር የሚያድነው አይመስለኝም። ንጉሠ ነገሥቱ ያዩት ቃሉ በአገር ላይ የሚያደርሰውን ነው፤ በቃሉ ምክንያት ባለሙያ ሙያውን ያፍርበታል፣ ልጁንም አያስተምርም። ከመቶ ዓመት በላይ አልፎ እኛ ወደ መዝገበ ቃላቱ መመለሳችን ያሳዝነኛል።

ስለ «ባሪያ» አንድ ነገር ሳልናገር አላልፍም። ቤይሩት በሰው ቤት ሠርተው የተመለሱ እህቶቻችን ከሚያነሡት ቁስል አንዱ ስማቸው መቅረቱ ነው። አሠሪዎቻቸው «ዐብዳ» ይሏቸዋል፤ በዐረብኛ ባሪያ ማለት ነው፤ ዛሬ ለጥቁር ሰው ሁሉ ይወረወራል። ይህን ሲያወሩ ድምፃቸው ይቆረጣል፤ አብረን እናለቅሳለን። በዚያው ክፍል ውስጥ ከጋምቤላ ስለመጣ ተማሪ ወሬ ቢነሣ ግን ያው ቃል በአማርኛ ከአፋችን ይወጣል፤ ማንም ቀና ብሎ አያይም። ከቤተ እስራኤል ጋርም «ጨዋ» እና «ባሪያ» የሚለው የድሮ ክፍፍል ባሕር ተሻግሯል፤ በእስራኤልም ለጋብቻ ሲፈላለጉ የሚነሣበት ጊዜ አለ። ስድብ የቀመሰ ሰው ስድብን ይጠላል ብዬ አምን ነበር። እንደዚያ አይደለም። ከላይ የተመታ ሰው ከታቹ የሚመታው ሰው ካለ ጥቂት ቀና ያለ ይመስለዋል፤ ቃሉም ለዚህ ይመቸዋል፤ ገንዘብም ጉልበትም አይጠይቅም።

«ቀልድ ነው» የሚለው ማመካኛ ብዙ ቦታ አይገባውም፤ ግን አንድ ጥናት መጥቀስ አለብኝ። ግሪንበርግና ፒሽቺንስኪ የተባሉ ሁለት አሜሪካውያን የሥነ ልቦና ተመራማሪዎች በ1985 እ.ኤ.አ. ባሳተሙት ሙከራ፣ ነጭ ተማሪዎች የአንድ ጥቁርና የአንድ ነጭ ተከራካሪ ክርክር እንዲዳኙ አደረጉ። ዳኛ መስሎ ከመካከላቸው የተቀመጠ ሰው ጥቁሩን ተከራካሪ በዘር ስድብ አነሣው። ጥቁሩ በክርክሩ በተሸነፈ ጊዜ ስድቡን የሰሙት ተማሪዎች ካልሰሙት ይልቅ ዝቅ ያለ ነጥብ ሰጡት። ሰሚዎቹ አልተሳደቡም፤ ቃሉ በጆሯቸው አለፈ፣ በቃ። እኔ ከዚህ የምረዳው ይህን ነው፤ በቡና ላይ፣ በታክሲ ውስጥ፣ በሠርግ ድንኳን የምንጥለው ቀልድ የሚደርሰው ተሰዳቢው ዘንድ ብቻ አይደለም። አጠገባችን ያለ ሰው ነገ ቀጣሪ ይሆናል፣ ፈተና አራሚ ይሆናል፣ ዳኛ ይሆናል። የተሰዳቢው ወገን ትንሽ በተሳሳተ ቀን ያ ቀልድ ከተኛበት ይነሣል።

አሁን ወደ ዘመናችን ማመካኛ ልምጣ። ከሁሉ ይበልጥ ደም ያፈሰሰው እሱ ነውና። «ሕዝቡን አይደለም፤ ሥርዓቱን ነው» ይላል። «ነፍጠኛ» ያለው ሰው «የድሮውን ገዢ መደብ ማለቴ ነው» ይላል። «ጁንታ» ያለውም «ድርጅቱን ነው» ይላል። ቃሉ ሲወጣ ፖለቲካ ነው፤ መንደር ሲደርስ ዘር ይሆናል። በ1984 ዓ.ም. አካባቢ በአርባ ጉጉና በበደኖ «ነፍጠኛ» ተብለው የተገደሉት ሰዎች አብዛኞቹ ነፍጥ ይዘው አያውቁም፤ ጭሰኛ የነበራቸውም አይደሉም። ገበሬዎች፣ እናቶች፣ ሕፃናት ነበሩ። ከ2013 ዓ.ም. ጀምሮ በነበረው የትግራይ ጦርነት ጊዜ በአዲስ አበባ የትግራይ ተወላጆች ከሱቃቸውና ከቤታቸው ተይዘው ሲታሰሩ የድርጅት አባልነታቸው የተጣራበት ጊዜ ጥቂት ነው፤ ስማቸው ወይም መታወቂያቸው በቂ ነበር። ኦሮምኛ የሚናገረው ገበሬም በተራው የታጣቂ ስም ተለጥፎበት ሲሳደድ አይተናል። ሁሉም ወገን የራሱን ተሰዳቢነት በቃሉ ያውቀዋል፤ ተሳዳቢነቱን ሲጠየቅ ግን «ሥርዓቱን ነው» ይላል።

በዚህ ላይ አማርኛ አንዲት ትንሽ መሣሪያ ታቀብላለች። መጨረሻዋን «ው» ማለቴ ነው። «ነፍጠኞች» ቢባል ብዙ ሰዎች አሉ፤ አንዱ ከአንዱ ሊለይ ይችላል። «ነፍጠኛው»፣ «ጁንታው» ሲባል ግን ሚሊዮኖች አንድ አካል ይሆናሉ፤ አንድ ፊት፣ አንድ ሐሳብ፣ አንድ በደል ያለው ሰውዬ። ያ ሰውዬ «መጣ»፣ «አደፈጠ»፣ «ይነቀላል» ይባልለታል። ከዚያ «አረም» ማለት ቀላል ነው፤ «የቀን ጅብ» ማለትም ቀላል ነው። ሁለቱንም ቃላት ባለፉት ዓመታት ከከፍተኛ የመንግሥት መድረክ ሰምተናቸዋል። ያኔም «ሙሰኛውን ነው»፣ «ድርጅቱን ነው» ተባለ። አረም ግን አይከሰስም፣ አይጠየቅም፣ ይታረማል፤ ገበሬ የሆነ ሁሉ ይህን ያውቃል።

ሩዋንዳ ይህን መንገድ እስከ መጨረሻው ሄዳዋለች። «ኢንየንዚ»፣ በረሮ፣ በ1960ዎቹ እ.ኤ.አ. ድንበር እየተሻገሩ ይዋጉ ለነበሩ የቱትሲ ታጣቂዎች የተሰጠ ስም ነበር። በ1994 እ.ኤ.አ. አር ቲ ኤል ኤም የተባለው ሬዲዮ ቃሉን በየቀኑ ሲረጨው በየኬላው የቆመው ሰው ሕፃንም አሮጊትም እየለየ አልገደለም። የሬዲዮው መሥራቾችና «ካንጉራ» የተባለው ጋዜጣ አዘጋጅ አሩሻ በተሰየመው ዓለም አቀፍ ፍርድ ቤት ሲቀርቡ፣ ቃሉ ታጣቂዎቹን ብቻ የሚመለከት ነው የሚል መከራከሪያ ቀርቦ ነበር። ዳኞቹ ቃሉ ለቱትሲ ሕዝብ ሁሉ መጠሪያ እንደተደረገ አይተው በ2003 እ.ኤ.አ. ጥፋተኛ አሏቸው። በይግባኝ ከክሶቹ አንዳንዶቹ ቢወድቁም ስለ ቃሉ የታየው ነገር ቆሟል። «ድርጅቱን ነው» የሚል ሁሉ ያን መዝገብ ቢያነብ እመኛለሁ።

እኛም ሕግ አውጥተናል። የጥላቻ ንግግርን የሚከለክለው አዋጅ ቁጥር 1185 በ2012 ዓ.ም. ወጥቷል። አልቃወመውም፤ ግን ሆን ተብሎ የሚነዛ ጥላቻን ፈልጎ የሚሄድ ሕግ ሰፈራችንን አይደርስበትም። እዚያ ሆን ብሎ የሚጠላ ሰው የለም። ስም መለወጥም ብቻውን አልበቃም። ከ1966ቱ አብዮት ወዲህ ኦሮሞ፣ ወላይታ፣ አፋር፣ የም በመጽሐፍና በአዋጅ በራሳቸው ስም ተጠርተዋል፤ ይህ ትልቅ ነገር ነው፤ ሰዎች ታግለው ያመጡት ነው። ሆኖም አሮጌው ስም ከመዝገብ ሲወጣ ማመካኛው እዚያው ቀረ፤ በዚያው ማመካኛ አዳዲስ ቃላት ገቡ።

የጎረቤቴን አርባ ባወጣን ማግሥት ከባለቤቱ ጋር ቡና ጠጣሁ። «ከፍቶት አያውቅም» ያሉኝን ነገርኳት። ረከቦቱን እያስተካከለች ቆየችና፣ ቤት ውስጥ በክርስትና ስሙ እንጂ በዚያ ስም ጠርታው እንደማታውቅ፣ ልጆቹም በአባታቸው ፊት ቃሉን አንሥተው እንደማያውቁ ነገረችኝ። ማታ ራት እየበሉ ከውጭ «ሻንቆ!» የሚል ጥሪ ሲመጣ የጎረሰውን እስኪውጥ ዝም ይል ነበር አለች። ጉርሻው ካለቀ በኋላም ጥቂት ይቆያል። ልጆቹ ሳህኑን ያያሉ። ከዚያ እጁን ይታጠብና «አቤት» እያለ ይወጣል።